ሲፎን ጫካ ውስጥ የሠራው ሽንት ቤት

ሠላሳ ዓመት ያህል የሰው ሽንት ቤት ሲጠግን የኖረ የቧንቧ ሠራተኛ ነበር። የሰፈሩ ሰው በሽንት ቤት ቧንቧ ዕቃ ስም ሲፎን ይለዋል፤ ታናናሾቹና የሚያከብሩት ጋሽ ሲፎን ይሉታል። እናቱ ያወጣችለት ስም መታወቂያው ላይ ብቻ ቀርቷል። በቅጽል ስሙ አይከፋም። እንዲያውም ስልክ ሲያነሳ «ሲፎን ነኝ፣ የቱ ጋ ነው የሚያፈሰው?» ይላል፤ የደወለችው የገዛ እህቱ ብትሆንም።

ስለ ሥራው የሚያምነው ነገር አንድ ነው። ጥሩ ሽንት ቤት ማለት ሰው ገብቶ፣ ተገላግሎ፣ ውሃውን ለቆ ከወጣ በኋላ ተመልሶ የማያስበው ሽንት ቤት ነው። ይሸት ይሆን ብሎ ካሰበ፣ ሞልቶ ይፈስ ይሆን ብሎ ጆሮውን ከጣለ፣ ሥራው ተበላሽቷል። የራሱ ቤት ውስጥ ከሳሎኑ ይልቅ ያማረው ክፍል መታጠቢያ ቤቱ ነው። ግድግዳው እስከ ጣሪያው ሰማያዊ ሴራሚክ ነው፤ ሦስት ጊዜ አፍርሶ ሦስት ጊዜ ለጥፎታል። እንግዳ ሲመጣ አረፍ በሉ ከማለቱ በፊት እዚያ ይወስደውና ውሃውን ለቆ «ስሙ እስቲ» ይላል። እንግዳው ጆሮውን ያቆማል። «ምንም አይሰማም አይደል?» እንግዳው ምንም እንደማይሰማ ይመሰክራል። ባለቤቱ ያን ጊዜ ኩሽና ገብታ ዕቃ ታንኳኳለች።

ባለቤቱ መነጽር ቤት ነው የምትሠራው። ቀኑን ሙሉ ከባንኮኒው ጀርባ ተቀምጣ የሰው አፍንጫና ጆሮ እያየች ፍሬም ታስተካክላለች። በመቀመጥ ብዛት ጉልበቷ አልታዘዝ ሲላት ሐኪሙ ብዙ እንድትራመድ አዘዛት፤ እሷም ቅዳሜ ቅዳሜ ከከተማ ወጥተው በእግር የሚጓዙ ሰዎች ቡድን ውስጥ ገባች። ማታ ስትመለስ ፊቷ በፀሐይ ተለብልቦ፣ ጫማዋ ጭቃ በጭቃ ሆኖ፣ ብቻዋን ፈገግ እያለች ነው። ሲፎን ግድ አልሰጠውም። የደነገጠው ቡድኑ ሰው ወደማይኖርበት ጥብቅ ደን ለአራት ቀን እንደሚሄድ የነገረችው ዕለት ነው።

«የት ልታድሩ?» አላት ሾርባውን እየጠጣ።

«ድንኳን ውስጥ።»

«እሱን አይደለም። ሽንት ቤቱ የት ነው?»

«ጫካ እኮ ነው። ሽንት ቤት የለውም።»

ማንኪያውን አስቀመጠ። «ታዲያ እንዴት ልትሆኚ ነው?»

«የምትመራን መምህርት ታሳየናለች።»

«ይሄ ደግሞ አስተማሪ ያስፈልገዋል?»

«እኔ ምን አውቄ። ታሳያችኋለች ነው የተባልነው።»

ሲፎን ያን ዕለት ሾርባውን አልጨረሰም። የእሱ ሚስት፣ የዚያ ሁሉ ሰማያዊ ሴራሚክ እመቤት፣ ቁጥቋጦ ሥር ቁጢጥ ብላ በዓይነ ሕሊናው መጣችበት። «እኔም እመጣለሁ» አለ። በባለቤቱ ፊት ላይ ያለፈው ነገር ደስታ ነበር ለማለት ይከብዳል። አራት ቀን ሙሉ ስለ ቧንቧ ሳትሰማ ልትኖር ነበር።

በጉዞው ጠዋት ቡድኑ ሚኒባሱ አጠገብ ተሰበሰበ። የምትመራቸው አንዲት ቀጭን የጂኦግራፊ መምህርት ነበረች፤ ድምጿ ዝቅ ያለ፣ አንገቷ ላይ ፊሽካ ያንጠለጠለች። የሁሉንም ቦርሳ አስከፍታ አየች። ብስኩቱን ከካርቶኑ፣ ሳሙናውን ከወረቀቱ አስወጥታ መጠቅለያውን ሁሉ እዚያው ከተማ አስቀረችው። ከዚያ ለእያንዳንዱ ሰው አንድ አንድ ባዶ ከረጢት ሰጠች።

«ይዘን የገባነውን ሁሉ ይዘን እንወጣለን» አለች። «የሰርዲን ቆርቆሮ፣ ፌስታል፣ የብርቱካን ልጣጭም ቢሆን።»

«ልጣጭ እንኳ ይበሰብሳል» አለ ፋርማሲስቱ። ይሄ ሰውዬ ከሲፎን ጋር እኩያ ነው፤ ወፍራምና ሳቂታ። የሚወደውን ብስኩት ክዳን ባለው ትልቅ የፕላስቲክ ባልዲ ሙሉ ይዞ ነው የመጣው። ባልዲው ላይ የተደረደረ ብስኩት ተስሏል።

«እስኪበሰብስ ወራት ይፈጃል» አለች መምህርቷ። «እስከዚያው ዝንጀሮዎቹ ይለምዱታል። ሰው ባለበት ምግብ አለ ብለው ያስባሉ።»

ፋርማሲስቱ ባልዲውን ወደ ደረቱ አስጠጋ።

ወደ ሲፎን ስትደርስ ቆመች። ከቦርሳው ሁለት ክንድ የሚሆን ቱቦ ብቅ ብሏል፤ ጎኑ ላይ ደግሞ ነጭ ክብ ነገር ታስሯል።

«ጋሼ፣ ይሄ ምንድን ነው?»

«መቀመጫ።»

«የምን መቀመጫ?»

«የሚቀመጡበት።»

መምህርቷ የሽንት ቤቱን መቀመጫ በጣቷ ነካ አደረገችው። «እሺ» አለች። «ግን ከገባ ይወጣል።»

«ይወጣላ» አለ ሲፎን ኮራ ብሎ።

ሽቅብ መውጣት ሲጀምሩ መቀመጫው እየተንቀጫቀጨ ጎኑን ሲደበድበው አንገቱ ላይ አጠለቀው። ባለቤቱ እንደማታውቀው ሰው ሆና ወደ ፊት ቀደም አለች። ከላይ የሚወርድ አንድ መንገደኛ ሰላም ሊለው እጁን አነሳና መሃል ላይ ተወው።

ከሰዓት በኋላ የሚያድሩበት ሜዳ ደረሱ። ከጎኑ ኩልል ያለ ምንጭ በድንጋዮች መሃል ይወርዳል። ድንኳኖቹ ተተክለው ሲያልቁ መምህርቷ ሁሉንም ሰብስባ ከምንጩ ርቀው ወደ ዳገቱ ወሰደቻቸው። አፈሩ ጥቁርና ለስላሳ የሆነበት ቦታ መርጣ በትንሽ አካፋ ስንዝር ያህል ጉድጓድ ቆፈረች። «እዚህ ትቀመጣላችሁ። ስትጨርሱ አፈሩን ትመልሳላችሁ፣ ከላይ ቅጠል ታለብሳላችሁ። ሶፍቱ ግን ጉድጓዱ ውስጥ አይቀርም። በላስቲክ ታስሮ ከረጢታችሁ ውስጥ ይገባል፣ ወደ ቤትም ይመለሳል።»

ሰው ሁሉ ጫማውን አየ።

«ይሄ እኮ ድመት የምታደርገው ነው» አለ ሲፎን። «እኛ ታዲያ ከድመት በምን ተሻልን?»

«አልተሻልንም» አለች መምህርቷ። «ድመት ሶፍት አትጥልም።»

ሌሎቹ ሳቁ። ሲፎን አልሳቀም። ያ ስንዝር ጉድጓድ ለእሱ ስድብ ነበር። ስለዚህ ቡድኑ ገደሉን ለማየት ሲሄድ ወገቤን አመመኝ ብሎ ቀረ። ሚስቱ በዕድሜው ሙሉ ወገቡን አሞት አያውቅምና መለስ ብላ አየችው፤ ግን ገደሉን ማየት ፈልጋ ነበርና ሄደች።

ብቻውን ሲቀር እጅጌውን ሰበሰበ። ከሜዳው ከፍ ብሎ ምንጩ በሁለት አለቶች መሃል በጠባቡ የሚወድቅበት ቦታ አገኘ። ውሃው ራሱ ና ሥራኝ የሚል መሰለው። ቱቦውን ከአለቶቹ በላይ ከተጠራቀመው ውሃ አውርዶ ቁልቁለቱን በዓይኑ ለክቶ አጋደመው። አፉን ከድንች ጠርቦ በሠራው ውታፍ ደፈነው፤ ውታፉ ላይ ገመድ አሰረ። ከታች ጠፍጣፋ ድንጋዮች ደርድሮ መቀመጫውን አስቀመጠባቸው። ወድቀው የደረቁ ቅርንጫፎች ዙሪያውን አቆመ፤ የዝናብ ካፖርቱን ደግሞ መጋረጃ አደረገው። ገመዱን ሲስበው ውሃው ተንዶልዱሎ መጣና በመቀመጫው ሥር ጠራርጎ በድንጋዮቹ መሃል ጠፋ። ሲፎን ወገቡን ይዞ ረጅም ጊዜ ቆሞ አየው። ከሰማያዊው ሴራሚክ ቀጥሎ በሕይወቱ ካማሩት ሥራዎች አንዱ ነበር።

ለማንም ሊናገር አልፈለገም፤ ጠዋት ሁሉም ባለበት ሊያስመርቀው አስቧል። ይሁን እንጂ ጎህ ሲቀድ ፋርማሲስቱን ትንሿን አካፋ ይዞ፣ ፊቱ ጠቁሮ ዳገቱን ሲያይ አገኘው።

«ቁጢጥ ማለት እችላለሁ» አለ ፋርማሲስቱ። «የምፈራው መነሳቱን ነው።»

የሲፎን አንጀት አልቻለም። «ይምጡ» አለና መጋረጃውን ገለጠለት።

ፋርማሲስቱ ከደቂቃዎች በኋላ ሲወጣ ፊቱ በርቷል። «ጋሽ ሲፎን፣ ቤቴ ያለሁ ነው የመሰለኝ። እጅዎን ይባርከው።»

«ገመዱን ሳቡት?»

«ሳብኩት።»

«ሄደ?»

«ሄደ።»

ቁርስ ላይ ስምንቱም ክብ ሠርተው ተቀምጠው ዳቦ በሻይ ሲበሉ ሲፎን ተነሳ። ጉሮሮውን ጠረገ። ትናንት ሰው በማያውቀው ሁኔታ ለቡድኑ አንድ ነገር መሥራቱን፣ ከእንግዲህ ማንም ጉድጓድ እንደማይቆፍር፣ ሴቶቹም ወንዶቹም እንደ ሰው ተቀምጠው እንደሚነሱ አበሰረ። «በወራጅ ውሃ ነው» አለ። «ሽታ የለ፣ ዝንብ የለ። ገመዱን ሳብ ማድረግ ብቻ።»

መምህርቷ ብርጭቆዋን ይዛ ቀና አለች። «ውሃው ወዴት ነው የሚሄደው?»

«ወዴት ይሄዳል? ወደ ታች ነዋ።»

ባለቤቱ አፏ ያደረሰችውን ብርጭቆ ቀስ ብላ አወረደች። «የሻዩን ውሃ የቀዳሁት እኔ ነኝ» አለች። «ከታች።»

ሰው ሁሉ ወደ ብርጭቆው ውስጥ አየ።

«ሲነጋ ነው የቀዳሽው ሳይነጋ?» አለ ፋርማሲስቱ። ድምፁ ቀጥኖ ነበር።

«ከላይ እያፏጨህ ስትወርድ እንዴት አደርክ ብዬህ የለ? ያኔ ማንቆርቆሪያውን እየሞላሁ ነበር።»

ፋርማሲስቱ ሁለት ብርጭቆ ጠጥቶ ሦስተኛውን ይዟል። «ውሃው በደንብ ፈልቷል» አለ ዙሪያውን እያየ። «የፈላ ውሃ ምንም አይልም። የምናገረው እንደ ባለሙያ ነው።» ይህን እያለ የያዘውን ሊደፋ እጁን ዘረጋ።

«እዚህ አይደፋም» አለች መምህርቷ። «ከምንጩ ራቅ በሉ።»

አንዷ ሴት ተነስታ ወደ ዛፎቹ ሮጠች። ፋርማሲስቱ የመድኃኒት ቦርሳውን ከፍቶ ለሁሉም ክኒን አደለ፤ ለራሱ ሁለት ዋጠ።

ሲፎን እንደቆመ ነው። እስካሁን መቀመጥ ይሻለው መሄድ ይሻለው አልገባውም። መምህርቷ አልጮኸችበትም፤ ብትጮህበት ይቀለው ነበር። ይህ ምንጭ ወርዶ ወርዶ በደኑ ጠባቂ ቤት ደጃፍ እንደሚያልፍ፣ ጠባቂውና ቤተሰቡ የሚጠጡት ይህንኑ ውሃ መሆኑን ብቻ ነገረችው። ባለቤቱ ግን አንድ ነገር አለች።

«ሠላሳ ዓመት ስለ ሽንት ቤት ስትነግረኝ ኖርክ» አለችው። «አንድም ቀን ግን ወዴት እንደሚሄድ ነግረኸኝ አታውቅም።»

ሲፎን የሚያውቀው እስከ ከተማው ዋና የፍሳሽ መስመር ድረስ ነው። ከዋናው መስመር በኋላ የእሱ ሥራ አልነበረም።

ሊያፈርሱት ሲወጡ የባሰውን አዩ። «ሄደ» የተባለው አልሄደም። ከመቀመጫው ትንሽ ዝቅ ብሎ ውሃው በሚሳሳበት ጠጠር ላይ ተይዞ ቀርቷል። ፋርማሲስቱ በሶፍት በኩል ቸር ሰው ስለነበር ሶፍቱም ከጠጠሩ ጋር ተጠላልፎ እንደ ባንዲራ ይውለበለባል።

«እንቅበረው» አለ ፋርማሲስቱ ወደ ሌላ አቅጣጫ እያየ።

«ሶፍት ተቀላቅሎበታል» አለች መምህርቷ። «የሚለያየው ካለ ይለያየውና የሚቀበረው ይቀበር። ከሌለ ሁሉም እንደተቀላቀለ ይወጣል። ይዘን የገባነውን…»

«ይሄ እኮ ሲገባ በዚህ መልኩ አልገባም» አለ ፋርማሲስቱ።

ለመለየት ፈቃደኛ የሆነ ሰው አልተገኘም። መክደኛው ጥብቅ የሆነ ዕቃ ተፈለገ። ካምፑ ውስጥ እንዲህ ያለ ዕቃ አንድ ብቻ ነበር። ፋርማሲስቱ ብስኩቶቹን ለየሰዉ እፍኝ እፍኝ እያደለ ባልዲውን ባዶ ሲያደርግ ሬሳ የሚሸኝ ይመስል ነበር። ሲፎን ምንጩ ውስጥ እስከ ጉልበቱ ገብቶ፣ እጁን በላስቲክ ጠቅልሎ፣ አንድም ጠጠር ሳያስቀር ለቀመ። ከዚያ ከኪሱ ቴፍሎን አወጣ፤ ቧንቧ ሲገጣጠም ውሃ እንዳያንጠባጥብ ጥርሱ ላይ የሚጠመጠመው ያ ነጭ ስስ ጥቅል ነው። የባልዲውን አፍ ደጋግሞ ጠመጠመበትና ክዳኑን ባለ በሌለ ኃይሉ አጠበቀው።

የቀረው ማን ይሸከማል የሚለው ነበር።

«ሽንት ቤቱ የእርስዎ ነው» አለ ፋርማሲስቱ።

«ይዘቱ ግን የእርስዎ ነው።»

«ባይጠሩኝ እገባ ነበር?»

«ባይገቡ ይሞላ ነበር?»

ክርክሩ ሲጦፍ «እርስዎ» የሚለው ቀረና «አንተ» ተባባሉ፤ ከዚያ ወዲያም ተመልሶ አልመጣም። በመጨረሻ በየተራ ሊሸከሙ ተስማሙ። ዳገት ላይ የይዘቱ ባለቤት፣ ቁልቁለት ላይ ሠሪው።

ሲፎን ግን በዚያ አላበቃም። ሌሎቹ ጓዛቸውን ሲያሰናዱ እሱ ምንጩን ተከትሎ እስከ ጠባቂው ቤት ወረደ። ጠባቂው ረጅም ሽበታም ሰው ነበር፤ ደጃፉ ላይ ትንሽ መስታወት ሰቅሎ ጢሙን እየተላጨ ነበር። ግማሽ ፊቱ ሳሙና ነው። ውሃው ከምንጩ የተቀዳ መሆኑን ሲፎን ሳይጠይቅ አወቀ።

«ጌታው፣ ዛሬ ከዚህ ውሃ አትጠጡ» አለ። «ከላይ ሽንት ቤት ሠርቼ ነበር።»

ምላጩ አየር ላይ ቆመ። «ምን?»

«ሽንት ቤት። አፍርሼዋለሁ። ግን ጠዋት አንድ ሰው ተጠቅሞበታል። አንድ ጊዜ ብቻ።»

ጠባቂው ፊቱን በፎጣ ጠረገ፤ የተላጨውንም ያልተላጨውንም። ሲፎንን ወደ ቤቱ ጀርባ ወሰደው። እዚያ ከውሃው ያወጣው ዕቃ ተከምሯል፤ ጠርሙስ፣ የሰርዲን ቆርቆሮ፣ የሕፃን ዳይፐር፣ አንድ እግር ጫማ።

«ላይ ያለ ሰው ሁሉ ይጥላል» አለ ጠባቂው። «ከላይ ወርዶ የነገረኝ ግን አንተ የመጀመሪያው ነህ። ዛሬ ከሌላኛው ምንጭ እንቀዳለን።» ከዚያ «ሽንት ቤት መሥራት ሥራህ ነው?» አለው።

«ነበር» አለ ሲፎን።

በቀሩት ሁለት ቀናት ባልዲው የቡድኑ ዘጠነኛ አባል ሆነ። ሲያርፉ ከሁሉም ራቅ ብሎ ይቀመጣል፤ ሲነሱ ይረሳ ብሎ የሚመኝ ቢኖርም መምህርቷ አትረሳውም። ሲፎን ሳያጉረመርም ተሸከመ። ማለዳ ማለዳ ትንሿን አካፋ ይዞ ወደ ዳገቱ ይወጣል፣ ከውሃው የራቀ ጥቁር አፈር ፈልጎ ስንዝር ይቆፍራል። ፋርማሲስቱንም ዛፍ አስይዞ ያስነሳዋል። ባለቤቱ አላናገረችውም፤ ግን በየምሽቱ እርጥብ ካልሲውን ሳይጠይቃት እሳት ዳር ትሰቅልለት ነበር።

በመጨረሻው ቀን ቁልቁል ሲወርዱ አንድ አለት ጥላ ሥር አረፉ። ሲፎን ባልዲውን አስቀምጦ ጫማው ውስጥ የገባ ጠጠር ሲያራግፍ ከላይ አንድ ትልቅ ዝንጀሮ ዱብ አለ። ባልዲው ላይ የተሳሉትን ብስኩቶች አየ፤ ስዕሉ ወርቃማ ነው፣ የሚያጓጓ። እቅፍ አድርጎት አለቱን ሽቅብ ወጣ።

ሁለቱ ሽማግሌዎች ያን ቀን የሮጡትን ያህል ከጉርምስናቸው ወዲህ ሮጠው አያውቁም። «አትክፈተው፣ የኔ ጌታ፣ አትክፈተው» ይላል ፋርማሲስቱ እየለመነ። ሲፎን በአንድ እግር ጫማ ድንጋይ ለድንጋይ ይዘላል። ዝንጀሮው አለቱ አናት ላይ ተቀምጦ ክዳኑን በጥርሱ ያዘው፣ በእጁ ጠመዘዘው፣ መልሶ በጥርሱ ያዘው። ክዳኑ ወይ ፍንክች።

«ቴፍሎን ነው» አለ ሲፎን ከታች እያለከለከ። «ስምንት ዙር ጠምጥሜበታለሁ።»

ዝንጀሮው አፍንጫውን ክዳኑ ላይ አሳርፎ አሸተተ። ከዚያ ቀና ብሎ ሁለቱን ሰዎች ለረጅም ጊዜ ተመለከታቸው። ፋርማሲስቱ በኋላ ሲያወራ በሕይወቱ እንደዚያ ንቆት ያየው ፍጡር እንደሌለ ይምላል። ዝንጀሮው ባልዲውን በግራ እጁ ገፋ አድርጎት ዞሮ ሄደ። ባልዲው አለት ለአለት እየተንከባለለ፣ እየነጠረ መጥቶ ሲፎን እግር ሥር ቆመ። አገላብጦ አየው። ጠብ ያለ የለም።

ወደ ጥላው ሲመለሱ ባለቤቱ መሬት ላይ ተቀምጣ ሆዷን ይዛለች። እንባዋ በመነጽሯ ሥር ይወርዳል። የምታለቅስ መስሎት ሮጦ ቀረበ፤ እየሳቀች ነበር። «ብስኩት መስሎት» ትላለች፣ መጨረስ አልቻለችም። ሲፎንም አጠገቧ ተቀመጠና ሳቀ፤ ከዚያ ቁርስ ወዲህ መጀመሪያ የተነጋገሩት በዚህ ነበር።

የደኑ በር ላይ ያለው የቆሻሻ ገንዳ ቆርቆሮና ላስቲክ እንጂ እንዲህ ያለውን አይቀበልም ተባለ። ሚኒባሱ ውስጥ ሾፌሩ ባልዲውን ኋላ እንዲጭኑት ሲላቸው ሁለቱም ባንድ አፍ እምቢ አሉ፤ እስከ ከተማ ድረስ ጉልበታቸው ላይ ይዘውት ሄዱ። በዚያው ምሽት ሲፎን ቤት ገቡ። ቴፍሎኑን ፈቱ፣ ጠጠሩንና ሶፍቱን ለዩ፤ እቤት ጓንትም ሳሙናም ስለነበር ጫካ ውስጥ የከበደው ሥራ እዚህ ቀለለ። የቀረውን ሰማያዊው ክፍል ውስጥ ደፉት። ሲፎን ውሃውን ሊለቅ እጁን አነሳና ቆመ።

«ምን ትጠብቃለህ?» አለ ፋርማሲስቱ።

«ወዴት እንደሚሄድ እያሰብኩ ነው።»

«እኔን ጠይቀህ ነበር እኮ፤ ሄደ ብዬሃለሁ፣ አልሄደም። አሁን ልቀቀው።»

ለቀቀው። ግን እሑድ ጠዋት ሲፎን ፋርማሲስቱን ከቤቱ ጠርቶ ዋናውን የፍሳሽ መስመር ተከትለው በእግር ወረዱ። ከአንዱ ማንሆል ክዳን ወደ ሌላው፣ በገበያው ጀርባ፣ በጎማ ጠጋኞቹ ሰፈር አልፈው ከተማው ሊያልቅ ሲል አንድ አጥር ጋ ደረሱ። በአጥሩ ውስጥ የከተማው ፍሳሽ የሚጣራባቸው ሰፋፊ ገንዳዎች ይታያሉ። ዘበኛው ቀረበ።

«ምን ፈልጋችሁ ነው?»

«ልናየው» አለ ሲፎን።

«ምኑን?»

«ያው… የኛን።»

ዘበኛው ሁለቱንም ከእግር እስከ ራስ አየና አላስገባቸውም። ሲፎን ግን ሽቦውን ይዞ የመጀመሪያው ገንዳ ጠቁሮ፣ የመጨረሻው ገንዳ ጠርቶ ወፍ ሲያርፍበት እስኪያይ ድረስ ቆሞ አየ። ከዚያ ወዲህ ደንበኞቹ ሽንት ቤት ውስጥ ሳሙናና ጥጥ፣ የቀረ ዘይትና የሕፃን ዳይፐር ሲጥሉ ካገኘ ሥራውን አቁሞ ስለ ገንዳዎቹ ያወራላቸው ጀመር። አንዳንዶቹ ሌላ ቧንቧ ሠራተኛ ፈለጉ።

ክረምቱ ሲያልፍ የደን ጠባቂው ከመምህርቷ የሲፎንን ስልክ ቁጥር ተቀብሎ ደወለለት። የደኑ በር ጋ የሚመጣው ሰው በዝቷል፣ ከቤቱ ጀርባ ያለው ቁጥቋጦ ሁሉ እግር የሚያሳርፉበት የለውም፤ ሲፎን መጥቶ አንድ ሽንት ቤት ቢሠራለት። ሲፎን ከባለቤቱ ጋር ሄደ። የመጀመሪያውን ቀን ሙሉ ምንም አልሠራም። ምንጩ የት እንደሚያልፍ፣ ዝናብ ሲዘንብ ጎርፉ በየት እንደሚወርድ፣ ሴቶቹ ልብስ የሚያጥቡት የት እንደሆነ እየጠየቀ ዞረ። ጠባቂው «ይሄ ሰውዬ ሊሠራ ነው የመጣው ሊመረምረን?» ብሎ የሲፎንን ባለቤት ጠየቃት። «እኔም አላውቀው» አለችው።

በማግስቱ ከውሃው ርቆ ከፍ ያለ መሬት ላይ መቆፈር ጀመረ። ሁለት ጉድጓድ ጎን ለጎን፤ አንዱ ሲሞላ ተዘግቶ አፈር እስኪሆን እንዲያርፍ፣ ሌላው እንዲያገለግል። ውስጡ ጥግ ላይ አመድና ደረቅ ቅጠል የሞላ በርሜል አስቀመጠ፤ የገባ ሰው ሲወጣ አንድ ጣሳ እንዲደፋበት። በሕይወቱ አንድም ቧንቧ ያልገባበት ሥራ ሲሠራ ያ የመጀመሪያው ነበር። እጁ በልማድ ወደ ቴፍሎኑ ኪስ እየሄደ ባዶውን ይመለሳል። ግድግዳውን ከጣውላ ሠራው። ሴራሚክ ለማምጣት አንድ ጊዜ አስቦ ነበር፤ ባለቤቱ ገና አፉን ሲከፍት «ተው» አለችው።

ሲያልቅ እንግዳ ጠርቶ ማሳየት አላሰኘውም። ባለቤቱ ግን ከጠባቂው ቤት ወጥታ እጇን በሻሽዋ እየጠረገች መጣችና ገባች። ሲፎን ውጭ ቆሞ ጠበቀ። ሠላሳ ዓመት ሙሉ የሠራውን ሽንት ቤት ሁሉ ለሰው ሲያሳይ እሷን ግን አንድም ቀን ጠይቋት እንደማያውቅ ያን ጊዜ ትዝ አለው። ጣሳው በርሜሉ ላይ ሲያንኳኳ ሰማ።

ወጣችና መነጽሯን በቀሚሷ ጫፍ እያጸዳች አጠገቡ ቆመች።

«እንዴት ነው?» አላት።

አሰበች። «በሩ ይጮኻል» አለች።

ሲፎን ማጠፊያው ላይ የሚቀባ ዘይት ሊለምን ወደ ጠባቂው ቤት ወረደ።